ሳማ የበቀለበት ቦታ

እኛ አገር ቤት ሲከራይ መጀመሪያ የሚጠየቀው ዋጋ ነው። ቀጥሎ ውሃ፣ ከዚያ መብራት፣ ከዚያ የአከራዩ ጠባይ። ከእነዚህ ሁሉ በኋላ ማንም ጮክ ብሎ የማይጠይቀው፣ ሁሉም ግን በሆዱ የሚያሰላስለው አንድ ጥያቄ አለ። ተከራይ ሆዬ በሩን አልፎ ይገባል፣ ጣራውን ያያል፣ ግድግዳውን መታ መታ ያደርጋል፣ ዝም ይላል። ሲወጣ «ቤቱስ ጥሩ ነበር፤ ቆሌዬ አልወደደውም እንጂ» ይላል። አለቀ። ደላላው የቱንም ያህል ምላሱ የሰላ ቢሆን ለዚህች ቃል መልስ የለውም። (ደላላ መልስ የሚያጣበት ብቸኛው ጉዳይ ይህ ሳይሆን አይቀርም።)

ዛሬ ልናወራ የፈለግነው ስለዚህች ነገር ነው። ቦታ ያስታውሳል ወይ? ሰው ያለቀሰበት፣ ሰው የተገፋበት፣ ሰው የተዳረበት መሬት የሆነውን ነገር ይዞ ይቆያል ወይ? ወይስ የሚከብደን የራሳችን ሆድ ነው?

የሥራ ፈት ጥያቄ ይመስላል። ለእኛ ግን አይደለም፤ ምክንያቱም ያደግነው ጢቾ ነው። ለማታውቋት፣ ጢቾ አርሲ ውስጥ ከአሰላ ወደ ደቡብ ምሥራቅ የምትገኝ ብርዳም የደጋ ከተማ ናት። ከጢዮም ከጢጆም ጋር አታምታቷት። ጢዮ የአሰላ ዙሪያ ወረዳ ነው፤ ጢጆ ደግሞ ከዲገሉ ጋር ተዳብሎ ሳጉሬ ያለችበት ወረዳ ስም ሆኗል። (ዩኒቨርሲቲ በነበርንበት ጊዜ ሁሉ ይህን ስናስረዳ ከርመናል፤ ዛሬም አልተሳካልንም።) በንጉሡ ዘመን የአርሲ ጠቅላይ ግዛት ሦስት አውራጃ ነበረው፤ ጭላሎ፣ አርባጉጉና ጢቾ። ዛሬ አውራጃ የሚባል እርከን የለም። ጢቾም አሁን የጠና ወረዳ ከተማ ናት።

ከሹመቷ በወረደች ከተማ ያደገ ልጅ፣ ትልልቆቹ መንገድ የሚያመለክቱት በሌለ ነገር መሆኑን ቶሎ ይረዳል። «ድሮ እገሌ ሱቅ የነበረበትን እለፊና፣ ትልቁ ዛፍ የነበረበት ጋ ስትደርሺ ወደ ግራ ታጠፊ» ይሉሻል። ሱቁም የለም፤ ዛፉም የለም። እነሱ ግን ያዩታል። አንቺ የምታዪው አጥር ነው። አንድ ቦታ ላይ ቆመን ሁለት ከተማ እያየን ነው ያደግነው ማለት ይቻላል።

አያቶቻችን ለጥያቄው መልስ ነበራቸው፤ መልሳቸውም አንድና ግልጽ ነበር፤ አዎ። ቦታ ባለቤት አለው። ባለቤቱ ቆሌ ይባላል፣ አድባር ይባላል። አድባሯ የምትኖርበት ዛፍ አይቆረጥም፤ ሥሩ ቡና ይፈላል፣ ግንዱ ቅቤ ይቀባል። ርቆ የሚሄድ ልጅ «አድባሯ ትከተልህ» ተብሎ ይመረቃል። ካህኑም ሼኩም ሲያወግዙት ኖረዋል፤ ምርቃቱ ግን ካህኑንም ሼኩንም እያከበሩ በሚኖሩ እናቶች አፍ ላይ እስከ ዛሬ አለ። ደስ የሚለን ነገር ይህ እምነት ሰውን ለቦታ ጨዋ ማድረጉ ነው። ዝም ብለህ ገብተህ አትቆፍርም። መጀመሪያ ትጠይቃለህ።

ፈረንጆቹም ከዚህ አልራቁም። ለዛሬው ኮምፒውተር መንገድ ከጠረጉት ሰዎች አንዱ የሆነው እንግሊዛዊው ቻርልስ ባቤጅ በ1837 (እንደ እነሱ አቆጣጠር) ባሳተመው መጽሐፍ፣ ከሰው አፍ የወጣ ቃል ሁሉ የአየሩን ቅንጣቶች ስለሚያንቀሳቅስ ለዘላለም አይጠፋም ብሎ ተከራክሯል። ከመቶ ዓመት በላይ ቆይቶ ቶማስ ሌትብሪጅ የሚባል ሌላ እንግሊዛዊ መጣ። ሰዎች በአንዳንድ ቦታ የሚያዩት መንፈስ የሞተ ሰው ሳይሆን አካባቢው ቀድቶ ያስቀረው ስሜት ነው አለ። በ1972 ቢቢሲ በዚሁ ሐሳብ ላይ የተመሠረተ የቴሌቪዥን ድራማ ሠራ፤ ከዚያ ወዲህ ነገሩ «የድንጋይ ቴፕ» የሚል ስም ወጣለት። ድንጋይ እንደ ካሴት ይቀዳል፣ አንድ ቀን ደግሞ መልሶ ያሰማል ማለት ነው።

ለጨዋታ ያምራል። ሳይንሱ ግን አይቀበለውም፤ ድንጋይ የሰውን ለቅሶ የሚቀዳበት መንገድ የለውም። ሳይንሱን ትተን በራሳችን ብንመዝነውም አይሆንም። ድንጋዩ ቀድቶት ቢሆን ኖሮ እዚያ የተቀመጠ ሁሉ ይሰማው ነበር። ነገር ግን አንዱ ቁጭ ብሎ ያለቅሳል፤ ሌላው እዚያው አጠገቡ ቁጭ ብሎ ቆሎውን ይበላል።

እንግዲህ መሬት ምንም አያስታውስም ብለን ልንዘጋው ነው? ቆዩ። እዚህ ላይ ሳማ የሚባል ነገር አለ።

ሳማን የማያውቅ የደጋ ልጅ የለም፤ እግራችንን ለብልቦናል። በኦሮምኛ ዶቢ ይባላል። የእኛው ሳማ ከኢትዮጵያ ደጋ ውጭ የማይገኝ የአገር ተክል ነው። ክረምት ላይ ጎተራ ሲጎድል ተቀቅሎ ይበላል፤ ስለዚህ የድሃ ጎመን ነው። አሁን ከጢቾ ወጣ ብላችሁ ወደ ገጠሩ ስትሄዱ፣ በገብሱ ማሳ ወይም በግጦሹ መካከል አንዳንድ ቦታ ላይ ሳማ ለብቻው ክብ ሠርቶ በቅሎ ታገኛላችሁ። ለምን እዚያ ብቻ? ገበሬውን ጠይቁ። «እዚያ ቤት ነበረ» ይላችኋል።

ልክ ነው። ሰው በኖረበት መሬት ላይ አመድ ይደፋል፣ እበት ይከማቻል፣ አጥንት ይጣላል። ይህ ሁሉ አፈሩ ውስጥ ፎስፈረስ ይተዋል። ፎስፈረስ ደግሞ እንደ ሌላው ንጥረ ነገር ዝናብ በቶሎ አጥቦ የሚወስደው አይደለም፤ ለመቶና ለሺህ ዓመታት ይቆያል። ሳማም ይወደዋል። ይህን የአፈር ባሕርይ ጥንታዊ መንደሮችን ለማግኘት ከተጠቀሙበት የመጀመሪያዎቹ ሰዎች አንዱ በፈረንጆቹ 1920ዎቹና 30ዎቹ የሠራው ስዊድናዊው የአፈር ተመራማሪ ኦሎፍ አሬኒየስ ነው። ቤቱ ፈርሶ፣ ምሰሶው በስብሶ፣ ሰዎቹ ተረስተው አፈሩ «እዚህ ሰው ኖሯል» ይላል። (ስዊድኖች በ1960 ዓ.ም. አካባቢ የጭላሎን የግብርና ልማት ይዘው አሰላ ሲገቡ ከመካከላቸው ይህን የሚያውቅ ይኖር ይሆን? የአርሲ ገበሬ ግን ያለ ላብራቶሪ ሲያውቀው ኖሯል።)

ስለዚህ መሬት ያስታውሳል። ግን የሚያስታውሰው ምን እንደሆነ ልብ በሉ። አመዱን እንጂ በእሳቱ ዙሪያ የተወራውን አይደለም። ሰው እንደነበረ ይነግራችኋል፤ ማን እንደነበረና ለምን እንደሄደ አይነግራችሁም። መሬት ለጥያቄ የሚያበቃ ትዝታ አለው፤ ለመልስ የሚበቃ ግን የለውም።

አርሲ ውስጥ ደግሞ «ለምን ሄዱ?» የሚለው ጥያቄ ከባድ ነው።

ብዙዎቹ ባዶ የቤት ቦታዎች የአንድ ዘመን ሥራ ናቸው። ደርግ «የመንደር ምሥረታ» ያለውን ዘመቻ በባሌ ጀምሮ በሐረርጌ አስፋፋ፤ በ1978 ዓ.ም. አርሲን ከዳር እስከ ዳር አዳረሰው። (ከሰፈራ ጋር አታምታቱት። ሰፈራ ሰውን ከወሎና ከትግራይ አንስቶ ሩቅ አገር መውሰድ ነበር። መንደር ምሥረታ ግን እዚያው በአገሩ፣ አንዳንዴም የገዛ ማሳውን ቁልቁል እያየ፣ ከቀዬው አንስቶ በመስመር ማስቀመጥ ነው።) ገበሬው ቤቱን በገዛ እጁ አፈረሰ፤ ምሰሶውን፣ ማገሩንና ሳሩን ተሸክሞ በገመድ ወደተለካ ሜዳ ወረደ። ለአንድ ቤተሰብ የተመደበው ቦታ ወደ 1,000 ካሬ ሜትር ነበር። ቤቶቹ እንደ ሰልፈኛ ተደረደሩ። ትምህርት ቤት ይመጣል፣ ክሊኒክ ይመጣል፣ የቧንቧ ውሃ ይመጣል ተባለ። ጥቂት ቦታ መጣ፤ ብዙ ቦታ አልመጣም። በየቦታው የመጣው ሊቀመንበሩ ሁሉንም በር በአንድ እይታ መቁጠር መቻሉ ነው።

አገር አቀፍ ዘመቻው እስኪቆም ድረስ ከ12 ሚሊዮን በላይ ሰው በመንደር ተሰባስቧል ተብሏል። አርሲ ላይ ገንዘብ ያፈሰሱት ስዊድኖች እንኳ ደንግጠው በ1979 ዓ.ም. ባለሙያ ልከው አስጠኑት። የጥናቱ ጣጣ ረጅም ነው፤ ገበሬው ግን ሁሉንም በአንድ ተረት ጨርሶታል፦ ጉልቻ ቢለዋወጥ ወጥ አያጣፍጥ። ደግሞም እዚህ ላይ ተረቱ ተረት አይደለም። ሰዎቹ ጉልቻቸውን በእርግጥ ነቅለው ነበር የሄዱት።

በየካቲት 1982 ዓ.ም. መንግሥት ቅይጥ ኢኮኖሚ አወጀ፤ ገበሬውም በአዲሱ መንደር ለመቆየት እንደማይገደድ ገባው። ሌሊቱን ያደረ ሁሉ ጠዋት ቤቱን ማፍረስ ጀመረ፤ ዘንድሮ ደግሞ ለመመለስ። አራትና አምስት ዓመት ታርሶና ተግጦ የኖረ መሬት ላይ የራስን ቤት ቦታ እንዴት ማግኘት ይቻላል? ይህን ያየ ትውልድ ዛሬ እድሜው ስድሳን ያለፈ ነው፤ ከአንድ እናት በላይ ተመሳሳይ ነገር ሲናገሩ ሰምተናል። ኮሶው ባለበት፣ ባህር ዛፉ ካልተቆረጠ በባህር ዛፉ፣ እሱም ከሌለ በሳማው። አጭደው፣ ነቅለው፣ ጉልቻውን መልሰው እዚያው አስቀመጡ። በነገራችን ላይ አማርኛው ቀዬ የሚለውን ኦሮምኛው ቀኤ ይለዋል። በብዙ ነገር የምንነታረክ ሰዎች ለዚህ ነገር ቃላችን አንድ መሆኑ አይገርምም?

ሁሉም ግን አልተመለሰም። የሞተ አለ፤ ወደ አሰላና ወደ አዳማ የገባ አለ፤ መሬቱ ለሌላ ሰው የተደለደለበት አለ። የእነዚህ ሰዎች ሳማ እስከ ዛሬ በማሳው መካከል ቆሟል። የዛሬው የይዞታ ማረጋገጫ ደብተር የባለይዞታውን ስም፣ የመሬቱን ስፋትና አዋሳኞቹን ይጽፋል። መጻፉ ጥሩ ነው፤ ሰው በዚህ ሰበብ ሲካሰስ አይተናል። ያ የሳማ ክብ የማን ቤት እንደነበረ የሚሞላበት መስመር ግን የለውም።

እስካሁን ስለ መሬቱ አወራን፤ ስለ ሰውየውም ትንሽ እንበል። በፈረንጆቹ 1971 ጆን ኦኪፍ የሚባል ተመራማሪ በአይጥ አንጎል ውስጥ አንድ የተወሰነ ቦታ ላይ ስትደርስ ብቻ የሚነቁ ሕዋሳት አገኘ። በ2014 ከሁለት ኖርዌያውያን ጋር የኖቤል ሽልማት ተካፈለበት። ሕዋሳቱ ያሉት ሂፖካምፐስ በሚባለው የአንጎል ክፍል ነው፤ ይህ ክፍል ደግሞ ለሰው ልጅ የሕይወት ትዝታ ዋናው ነው። «የት ነበርኩ» እና «ምን ሆንኩ» በአንድ ጓዳ ውስጥ ነው የሚቀመጡት ማለት ነው። ለዚህ ነው አንድ በር ስናልፍ የረሳነው ነገር ድንገት ዱብ የሚለው። ትዝታውን ያስቀመጠው በሩ አይደለም፤ በሩ ቁልፍ ነው።

አካልም እንዲሁ ነው። የአሰላው ኃይሌ ገብረሥላሴ ልጅ ሆኖ አሥር ኪሎ ሜትር ወደ ትምህርት ቤት ይሮጥ ነበር፤ ሲመለስም አሥር። ደብተሩን የሚይዘው በግራ እጁ ነበር። ዓለምን ከዞረ፣ ክብረ ወሰን በክብረ ወሰን ላይ ከደረበ በኋላም ያ ግራ እጁ ደብተር እንደያዘ ሆኖ ታጥፎ ነበር የሚሮጠው። አትላንታም ሲድኒም ሲሮጥ የአሰላ መንገድ ክንዱ ላይ ነበረ።

አሁን ወደሚያጣላው እንምጣ።

ከአሰላ ወደ አዳማ በሚወስደው መንገድ በኩል፣ ሄጦሳ ወረዳ ውስጥ አኖሌ የሚባል ቦታ አለ። በ1870ዎቹ የአጼ ምኒልክ ጦር በራስ ዳርጌ አዝማችነት በአርሲ ላይ ዓመታት የፈጀ ዘመቻ አካሄደ፤ ብዙ ሕዝብ አለቀ። ይህ አከራካሪ አይደለም። በአኖሌ የወንዶች እጅና የሴቶች ጡት ተቆረጠ የሚለው ከአባት ወደ ልጅ ሲወርድ የኖረ ነገር ነው። በ2006 ዓ.ም. ጡት የያዘ እጅ ሐውልት ቆመለት። ከዚያ ወዲህ ያለውን ታውቁታላችሁ። አንዱ ወገን «በጽሑፍ የተረጋገጠ አይደለም፤ ለጥላቻ የተሠራ ነው» ይላል፤ ሌላው «ቁስላችንን ደግሞ ልትክዱን?» ይላል።

ከጢቾ በስተሰሜን ደግሞ አርባጉጉ አለ። በ1984 ዓ.ም. አማሮች ናችሁ ተብለው ሰዎች የተገደሉበት፣ ቤት የተቃጠለበት አገር ነው። እዚያ በአኖሌ ልክ የቆመ ሐውልት የለም። ሐዘኑ ያለው በቤተሰብ ውስጥ ነው፤ በሹክሹክታ፣ በተዝካር፣ «ያን ጊዜ» በምትል አንዲት ቃል።

አሁን ከአርሲ ሁለት ልጆች አንድ ሚኒባስ ላይ እናሳፍር። ሁለቱም የአሰላን ወተት ጠጥተው ያደጉ ናቸው እንበል። አኖሌ አጠገብ ሲደርሱ አንዷ ልቧ ይከብዳል፤ ሁለተኛዋ ስልኳን ትነካካለች። በሌላ ቀን ወደ አርባጉጉ ሲሄዱ ደግሞ ተራው ይገለበጣል። መሬቱ ስሜት የሚያመነጭ ቢሆን ኖሮ ሁለቱም በሁለቱም ቦታ ባዘኑ ነበር። የሚያዝነው የተነገረው ነው። ለእያንዳንዳችን የተነገረን ደግሞ ግማሽ ነው፤ የየቤታችን ግማሽ።

እኛ ስለ አኖሌ ሐውልት ጭቅጭቅ ያለን አስተያየት ይህ ነው። ድንጋዩ ይቁም አይቁም የሚለው የክርክሩ ቀላሉ ክፍል ነው። ያ ቦታ ሐውልት ሳይኖረው ከመቶ ዓመት በላይ ሲታወስ ኖሯል፤ በስሙና በሚናገረው ሰው። ሐውልቱ የጨመረው ነገር ቢኖር ቀድሞ ለማያውቀው ሰው በሩቅ መታየቱ ነው። የሩቁ ሰው ግን በዓይኑ ከማየት ይልቅ ከነዋሪው አፍ ቢሰማው ይሻል ነበር፤ ምክንያቱም ከድንጋይ ጋር መሟገት ይቀላል፤ «አያቴ እንዲህ ነገረችኝ» ካለችሽ ልጅ ጋር ግን ከመሟገትሽ በፊት መስማትሽ አይቀርም። የአርባጉጉዋም ልጅ እንዲሁ የምትሰማበት ወንበር ይገባታል። አንዱን ሐዘን ለማስታወስ ሌላውን መርሳት የሚያስፈልግ የሚመስላቸው ሰዎች ከሁለቱም ወገን አሉ፤ ድምፃቸውም ትልቅ ነው።

«ለምን የተኛ ነገር ትቀሰቅሳላችሁ?» የሚለን ወዳጅ አይጠፋም። አልተኛም፣ ወዳጃችን። አለመነገሩ አላስተኛውም። ያልተነገረው ልጅ እኮ ከባዱን ስሜት ከእናቱ ፊት ያነበዋል። እዚያ ቦታ ሲደርሱ እናቱ ድምጿን ዝቅ ታደርጋለች፤ እጁን ጠበቅ ታደርጋለች። ልጁ ፍርሃቱን ወረሰ፤ ታሪኩን ግን አልወረሰም። ታሪክ የሌለው ፍርሃት ደግሞ የፈለገ ሰው የፈለገውን ስም ይሰጠዋል። እኛ የምንፈራው ይህንን ነው፤ ላለፉት ዓመታትም በየከተማችን ስንጎዳ የኖርነው በዚሁ ነው።

የማፍረሱም ነገር አለ። አዲስ አበባ ላይ «ዓለም በቃኝ» የሚባል እስር ቤት ነበር። ጣሊያንም፣ ንጉሡም፣ ደርግም ሰው አስረውበታል። ስሙ ብቻውን መጽሐፍ ነው። ፈረሰና በቦታው ቻይና በ200 ሚሊዮን ዶላር የሠራችው የአፍሪካ ኅብረት ሕንጻ በጥር 2004 ዓ.ም. ተመረቀ። ሕንጻው ያምራል፤ እኛም ከፊት ለፊቱ ፎቶ ተነስተናል። ግን በእኛ እድሜ ያለ የአዲስ አበባ ልጅ ጠይቁ፤ ሕንጻውን የማያውቅ የለም፣ «ዓለም በቃኝ» የት ነበር ቢባል ግን ስንቱ ይመልሳል? ከተማ ላይ ሳማ እንኳ አይበቅልም። አስፋልት ከገጠር ማሳ የሚለየው በዚህ ነው፤ ለጥያቄ የሚያበቃ ምልክት አይተውም።

ጋዜጠኝነት ስንማር ዜና ስድስት ጥያቄ ይመልሳል ተብለናል፤ ማን፣ ምን፣ መቼ፣ የት፣ ለምን፣ እንዴት። ከስድስቱ በጣም የተናቀው «የት» ነው። አንድ ቃል ይበቃዋል፤ «አሰላ» ብለህ ጽፈህ ታልፋለህ። ለ«ለምን» አንድ ሙሉ ኮርስ ተምረናል፤ ለ«የት» አንድ ክፍለ ጊዜ እንኳ አልነበረውም። እንግዲህ የጠፋብንን ክፍለ ጊዜ በራሳችን ለማካካስ ባለፈው የእረፍት ጊዜያችን ደብተር ይዘን ጢቾ ዙሪያ ወጣን። ሥራው ቀላል ነው። ሳማ የበቀለበት ክብ ስታገኙ «ይሄ የማን ነበር?» ብላችሁ መጠየቅ፤ የተባለውን መጻፍ። ኦሮምኛ የሚናገሩትን በኦሮምኛ፣ አማርኛ የሚናገሩትን በአማርኛ። ማስተካከል የለም፣ ማስታረቅም የለም። ሁለት ሰው ለአንድ ክብ ሁለት ስም ከሰጠ ሁለቱም ይጻፋል።

ሰው ይቆጣል ብለን ነበር። አልተቆጣም። አንዳንዱ «የመሬት አስተዳደር ናችሁ?» ብሎ ጠየቀን፤ አይደለንም ስንል ቡና አፈላ። አንድ አባት ሦስት ክብ ካሳዩን በኋላ አራተኛው ላይ ሲደርሱ ዝም ብለው አለፉ፤ እኛም አልጠየቅንም፣ ደብተሩ ላይ ቁጥሩን ብቻ ጻፍን። አንዲት እናት ደግሞ ከግቢያቸው ደጃፍ ሳይነሱ፣ በጣታቸው ወደ ሸንተረሩ እያመለከቱ፣ አሥራ አንድ ቤት ከነባለቤቱ፣ ከነልጆቹ፣ ከነላሞቹ ስም ጠሩልን። ጽፈን ልንጨርስ አልቻልንም። በመጨረሻ እኛን ቀና ብለው አዩንና «የእናንተስ ቤት የት ነበር?» አሉን። ጢቾ ከተማ ነው አልናቸው። «እሱን መች አጣሁት፤ ከዚያ በፊት» አሉ።

ደብተሩን ይዘን አባታችንን ልንጠይቅ ወደ ቤት ሄድን።